ከአባቴ የተረፉ 43 የሬዲዮ ሪሎችና አቼቶ የሚሸት ፊልም፦ እንዴት ልጠብቃቸው? ለማንስ ላስረክባቸው?

ወለተ አቃቂ (ቱሉ ዲምቱ)

ለዚህ መድረክ አባላት ሰላምታዬን አቀርባለሁ። አባቴ ከሠላሳ ዓመት በላይ በአንድ የሬዲዮ ጣቢያ የስቱዲዮ ቴክኒሽያን ሆኖ ሠርቷል፤ ካረፈ ሦስት ዓመት ሆኖታል። በቅርቡ እናቴ ከእኔ ጋር ለመኖር አቃቂ ያለውን የድሮ ቤታችንን ስትለቅ፣ ከአልጋቸው ሥር የኖረውን የቆርቆሮ ሳጥን ሁለት ሰዎች ተሸክመው ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ድረስ አወጡልን። የልብስ ሳጥን መስሎኝ ነበር። ስከፍተው ግን 43 የድምፅ ሪሎች (በመንኮራኩር ላይ የተጠቀለሉ የድምፅ ቴፖች)፣ ሦስት ክብ የፊልም ቆርቆሮዎችና ጥቁር ሽፋን ያለው ደብተር አገኘሁ።

ሪሎቹ በየካርቶናቸው ውስጥ ናቸው። በአብዛኞቹ ካርቶኖች ጀርባ ላይ በአባቴ እጅ ጽሑፍ “ማስታወቂያ”፣ “የገበሬ”፣ “የልጆች”፣ “ለመደምሰስ” የሚሉ ቃላት ሰፍረዋል፤ ቀን የተጻፈባቸው ግን ከአሥር አይበልጡም። ደብተሩ ውስጥ ቁጥሮች፣ ሰዓቶችና ነጠላ ፊደላት ተደርድረዋል። ለእሱ ግልጽ የነበሩ መሆናቸው ያስታውቃል፤ ለእኔ ግን አልተፈቱልኝም። ከፊልም ቆርቆሮዎቹ የአንዱን ክዳን ባነሣሁ ጊዜ ደግሞ ሰላጣ ላይ የምናደርገው አቼቶ የተደፋ ያህል ሽታው ቤቱን ሞላውና እናቴ ተነሥታ መስኮት ከፈተች።

አባቴ በሕይወት ሳለ ደጋግሞ የሚያነሣው አንድ ነገር ነበር። በእሱ ጊዜ ባዶ ሪል እንደልብ ስለማይገኝ፣ ያለፈው ሳምንት ዝግጅት ይደመሰስና በላዩ ላይ የዚህ ሳምንቱ ይቀዳበት ነበር። “ስንት ሰው ተናግሮ የሄደውን በገዛ እጄ አጥፍቻለሁ” ሲል ፊቱ ይለወጥ እንደነበር አስታውሳለሁ። ኋላ ላይ መሥሪያ ቤቱ መጋዘን ለማስለቀቅ አሮጌ ሪሎች እንዲወገዱ ሲያወጣ፣ አለቃውን አስፈቅዶ እነዚህን ቤት አመጣቸው። ማጫወቻው ስላልነበረን ግን አንድም ቀን አልሰማናቸውም።

የምጠይቃችሁ እንግዲህ ይህንን ነው። ሪሎቹንና ፊልሞቹን ሳላበላሽ እንዴት አድርጌ ላቆያቸው? ማጫወቻ ቢገኝ እንኳ በየትኛው ልጀምር? ባስረክባቸውስ ጠብቆ ለሕዝብ የሚያሰማቸው ማን ነው? አንድ ነገር ልጨምር፤ ሬዲዮ በአገራችን በ1928 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው ከዚሁ ከአቃቂ ነው። የሬዲዮና የቴሌቪዥን ቅርሳችን ተሰብስቦ የሚጠበቅበት፣ ልጆችም ገብተው የሚሰሙበትና የሚያዩበት ብሔራዊ ቤት ቢቆም ከአቃቂ የተሻለ ቦታ የት ይገኝለታል? አስተማሪ ነኝና ተማሪዎቼን ይዤ የምገባበት ቀን ይናፍቀኛል።

ሞገድ ዘቃሊቲ

ልጄ፣ በመጀመሪያ ነፍስ ይማር። እኔም በዚሁ ሙያ ኖሬ በጡረታ የተገለልሁ ሰው ነኝና የአባትሽን ጸጸት አውቀዋለሁ። መደምሰሻው ማሽን ላይ ሪሉን አስቀምጠን አንድ ዙር ስናዞረው የግማሽ ሰዓት ንግግር በጥቂት ሴኮንዶች ውስጥ ይጠፋ ነበር። ትእዛዝ ነበረና አደረግነው።

አሁን ወደ ሥራው እንግባ። ሽታው አቼቶ የሚመስለው ራሱ አቼቶ ስለሆነ ነው። የፊልሙ ገላ የተሠራው አሴቴት ከሚባል ነገር ነው፤ ይህ ነገር ሙቀትና እርጥበት ሲበዛበት ይፈርሳል፣ ሲፈርስም አቼቶ ውስጥ ያለውን ያንኑ አሲድ ያወጣል። የወጣው አሲድ ደግሞ መፍረሱን ያፋጥነዋል፤ ታሽጎ ከቆየማ አብረውት የተቀመጡትን ሁሉ ይበክላል። ስለዚህ ዛሬውኑ ያንን ቆርቆሮ ከሌሎቹ ለይተሽ አየር በሚያገኝ፣ ፀሐይ በማይመታው ደረቅ ቦታ ለብቻው አስቀምጪው። የጀመረውን መመለስ አይቻልም፤ ቅዝቃዜ ግን ያዘገየዋል። በዚህ ረገድ የአዲስ አበባ ብርድ ከቆላው ይልቅ ወዳጃችን ነው። ምናልባት አሮጌ ፊልም በራሱ ይቀጣጠላል ብሎ የሚያስፈራራሽ ይኖር ይሆናል። እንዲያ የሚያደርገው በቀድሞ ዘመን ለ35 ሚሊ ሜትር ፊልም ያገለግል የነበረው ናይትሬት ነው። ስፋቱን ለኪው፤ ያንቺ 16 ሚሊ ሜትር ከሆነ፣ የቴሌቪዥን ዜና ፊልም ከነበረም ይሆናል፣ ለዚያ ሥጋት የለውም።

የድምፅ ሪሎቹን በተመለከተ፣ አንዱን ከካርቶኑ አውጥተሽ ጎኑን ወደ መስኮት አዙሪና ብርሃን በጥቅሉ ውስጥ ያልፍ እንደሆነ ተመልከቺ። ብርሃን የሚያሳልፈው አሴቴት ነው፤ እንደ ፊልሙ ሁሉ አቼቶ ሊሸት ይችላል፣ ሲደርቅም እንደ ቅጠል ይሰበራል። ብርሃን የማያሳልፈው ፖሊስተር ነው፤ ጠንካራ ቢሆንም የራሱ በሽታ አለው። የተወሰኑ ፋብሪካዎች በእ.ኤ.አ. 1970ዎቹና 80ዎቹ የሠሯቸው ሪሎች፣ ድምፁ የሚቀዳበትን የማግኔት ብናኝ ከገላው ጋር የሚያያይዘው ሙጫ እርጥበት እየሳበ ይለቅባቸዋል። ሲጫወቱ ይንጫረራሉ፣ “ሄድ” በምንለው ድምፁን በሚያነበው የማጫወቻው ክፍል ላይም ቡናማ ጭቃ የመሰለ ነገር ይተዋሉ። ይህን ካየሽ ወዲያው አቁሚ፤ እየሄደ ያለው ብናኙ ነው፣ ድምፁም ያለው ብናኙ ላይ ነው። ባለሙያዎች እንዲህ ያለውን ሪል ሙቀቱ በትክክል በሚቆጠር መሣሪያ ውስጥ በ50 ዲግሪ አካባቢ ለብዙ ሰዓት አቆይተው ለጥቂት ሳምንታት እንዲጫወት ያደርጉታል። በቤት ምድጃ ወይም በኤሌክትሪክ ምጣድ ግን እንዳትሞክሪው፤ አሴቴቱንማ በምንም ዓይነት ሙቀት ማስጠጋት አይገባም።

ካርቶኖቹን እንደ መጽሐፍ አቁመሽ ደርድሪያቸው፣ አታነባብሪያቸው። ከወለል ከፍ ይበሉ፤ ከድምፅ ማጉያና ከማንኛውም ማግኔት ይራቁ። ከሰው በተዋሰ፣ ሄዱ ባልጸዳ ቴፕ ላይ ምንም እንዳታጫውቺ አደራ። በቤቴ የምጠግነው ማጫወቻ አለኝ፤ በሴኮንድ 19 ሳንቲ ሜትርም 9 ነጥብ 5 ሳንቲ ሜትርም ይሄዳል። ከእናትሽ ጋር ቃሊቲ ድረስ ብትመጡ ጎማውንና ሄዱን አጽድቼ እጠብቃችኋለሁ።

አንድ ነገር ልብ በይልኝ። ንግግሩ ሲያበቃ ቅጂው አለቀ ብለሽ ሪሉን አታንሺ። እኛ በአሮጌ ላይ አዲስ ስንቀዳ፣ መደምሰሻውን ማሽን ሳንጠቀም በቀጥታ የቀዳንበት ጊዜ ብዙ ነው። አዲሱ ቅጂ ከአሮጌው ካጠረ፣ የአሮጌው ጭራ ሳይነካ ከሪሉ መጨረሻ ላይ ተርፎ ይቀመጣል። ስለዚህ እያንዳንዱ ሪል ባዶ መስሎም ቢሆን እስከ ጫፉ ድረስ ይሂድ።

ካሴት ቤት (ለገጣፎ)

እህቴ፣ እኔ የሠርግ ካሴቶችን ወደ ፍላሽ የመገልበጥ ሥራ የምሠራ ሰው ነኝ። ጋሽ ሞገድ የጻፉት ትክክል ነው፤ ነገር ግን ጊዜ የለንም ባይ ነኝ። በየወሩ ሰው የወላጆቹን ሠርግ ይዞ ይመጣል፣ ከአምስቱ አንዱ ሻጋታ በልቶት እመልሰዋለሁ። የእኔ ምክር ሁሉንም በአንድ ሳምንት ገልብጠው በቴሌግራም ቻናል እንዲለቁት ነው። ሺህ ሰው ስልክ ላይ የገባ ድምፅ አይጠፋም። መጋዘን ውስጥ የሚቆለፍ ነገር ግን ለማንም አይደርስም፤ ይህን የምለው ከቁጭት ነው። ከተገለበጠ በኋላ ሪሎቹ ቤት ማጣበባቸው አስፈላጊ አይመስለኝም።

የመዝገብ ሰው

በካሴት ቤት ቁጭት እስማማለሁ፤ በመጨረሻው ዓረፍተ ነገሩ ግን አልስማማም። የሰው ድምፅ ከቴሌግራም ወደ ቴሌግራም ሲተላለፍ መጠኑ ይጨመቃል፣ ርእሱ ይለወጣል፣ ማን መቼ የት እንደተናገረው የሚገልጸው ነገር ከሁሉ ቀድሞ ይጠፋል። ከዓመታት በኋላ ያንን ድምፅ የሰማ ተመራማሪ ምንጩን መጥቀስ አይችልም። ዋናው ሪል እጃችን ላይ እስካለ ድረስ ደግሞ ነገ የተሻለ ማጫወቻ ወይም የተሻለ ባለሙያ ሲገኝ እንደገና ልንቀዳው እንችላለን። ስለዚህ ከተገለበጠ በኋላም ሪሉ አይጣል።

የመጠኑ ነገር የሚያስጨንቅ አይደለም። የድምፅ ቤተ መዛግብት ማኅበራት የሚመክሩት ቅጂ 96 ኪሎ ኸርዝ፣ 24 ቢት (ሁለቱም የቅጂው ጥራት መለኪያዎች ናቸው)፣ ያልተጨመቀ የዌቭ ፋይል ነው። ባለ 7 ኢንች ሪል በሴኮንድ 19 ሳንቲ ሜትር ሲሄድ 32 ደቂቃ ያህል ይይዛል። እንግዲህ 43ቱ በአንድ በኩል ብቻ ከተቀዱ 23 ሰዓት ገደማ ናቸው፤ በአንድ ቻናል ሲቀዱ በሰዓት አንድ ጊጋባይት ጥቂት አለፍ ይላልና ድምሩ 24 ጊጋባይት ነው። የአንድ ሰው ዕድሜ ሥራ በአንድ ፍላሽ ላይ ይሰፍራል ማለት ነው። በአንዱ ላይ ብቻ ግን አይተውት፤ ሦስት ቅጂ ያድርጉ፣ አንዱ ከቤትዎ ውጭ በሌላ ሰፈር ይቀመጥ።

ማጫወት ከመጀመርዎ በፊት ግን ሌላ ሥራ አለ፤ በእኔ እይታ ከሁሉ የሚቀድመውም እርሱ ነው። ሪሎቹ ሳጥኑ ውስጥ የተደረደሩበትን ቅደም ተከተል ሳያፈርሱ ፎቶ ያንሷቸው። አባትዎ ጎን ለጎን ያደረጓቸው በምክንያት ሊሆን ይችላል። ለእያንዳንዱ ካርቶን ከ1 እስከ 43 በእርሳስ ቁጥር ይስጡ፤ በእስክሪብቶ አይጻፉ፣ ፕላስተርም አይለጥፉ። በካርቶኑ ላይ ያለውን ጽሑፍ ስሕተት ቢመስልዎ እንኳ እንዳለ ይገልብጡት። የደብተሩንም ገጽ ሁሉ ፎቶ ያንሱ። ከዚያ እናትዎን አጠገብዎ አስቀምጠው፣ አባትዎ መቼ የት እንደሠሩ፣ እነማን ቤት ይመጡ እንደነበር፣ ሳጥኑ በየትኛው ዓመት እንደገባ ይጠይቋቸውና በስልክዎ ይቅዷቸው። በሥራዬ ያየሁት ትልቁ ኪሳራ የተበላሸ ሪል አይደለም። በደንብ የሚጫወት፣ ግን የማን ድምፅ እንደሆነ የሚነግረን ሰው የሞተበት ሪል ነው።

የመብት ጉዳይም አለ። በአዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት የብሮድካስት ድርጅት በስርጭቱ ላይ ያለው መብት 20 ዓመት፣ የድምፅ ሪከርዲንግ አዘጋጅ መብት 50 ዓመት ይቆያል፤ የደራሲው መብት ደግሞ ከሞተ በኋላም 50 ዓመት ይዘልቃል። የገበሬው ዝግጅት ጊዜው አልፎ ይሆናል፤ በውስጡ የተነበበው ድርሰት ወይም የተዘፈነው ዘፈን ግን ገና ባለቤት ሊኖረው ይችላል። ባለቤትነቱን የሚያወሳስበው ሌላው ነገር ጣቢያዎች ከእጅ ወደ እጅ መዛወራቸው ነው። ለምሳሌ ከየካቲት 1955 ዓ.ም. ጀምሮ ከአዲስ አበባ ያሰራጭ የነበረው የብሥራተ ወንጌል ሬዲዮ በመጋቢት 1969 ዓ.ም. በመንግሥት ተወርሶ በሌላ ስም ቀጥሏል። አንድ ሪል ከየትኛው ዘመን እንደሆነ ሳይታወቅ መብቱ የማን እንደሆነ መናገር አይቻልም። አባትዎ ሪሎቹን ያመጡት አለቃቸውን አስፈቅደው መሆኑንም በጽሑፍ ያስፍሩ።

ለማን ለሚለው፣ በ1936 ዓ.ም. በቤተ መጻሕፍትነት የተጀመረውና በአዋጅ ቁጥር 179/1991 ቤተ መዛግብትም የሆነው ብሔራዊ ተቋም አለ፤ ስድስት ኪሎ የሚገኘው የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋምም አለ፤ የሪሎቹ መነሻ የሆነው ጣቢያም አለ። የትኛውንም ቢመርጡ በቃል አያስረክቡ። የስጦታ ውል ይጻፍ፤ በውሉም የሪሎቹ ቁጥር፣ የዲጂታል ቅጂ ለቤተሰቡ እንደሚሰጥ፣ ተመራማሪና ተማሪ ሊሰማቸው እንደሚችል፣ ያለ ቤተሰቡ እውቅናም እንደማይወገዱ ይስፈር። ፈረንሳዮች እ.ኤ.አ. ከ1992 ጀምሮ በሕግ ያደረጉትን እኛም አንድ ቀን ማድረግ አለብን፤ እዚያ በሬዲዮና በቴሌቪዥን የሚተላለፈው ለብሔራዊው የኦዲዮቪዥዋል ተቋም የመቀመጥ ግዴታ አለበት። ሕጉ ሳይኖር የሚድነው እንደ እርስዎ አባት ያለ ሰው አልጋ ሥር የተገኘው ብቻ ነው።

መንገደኛ (ሰበታ)

ስለ ብሔራዊው ቤት የተነሣውን ሐሳብ ማንም ስላላነሣው እኔ ልቀጥል። ከጥቂት ዓመታት በፊት ለሥልጠና ወደ ኔዘርላንድ ሄጄ በነበረበት ወቅት ሂልቨርሰም የሚገኘውን የድምፅና የምስል ተቋም ጎብኝቻለሁ። ከውጭ ሲያዩት ግድግዳው በሙሉ ባለ ቀለም መስታወት ነው፤ ጠጋ ሲሉ እያንዳንዱ መስታወት ከቴሌቪዥን ዝግጅቶች የተወሰደ ምስል መሆኑ ይለያል። ከመግቢያው ወደ ታች ሲመለከቱ ሕንፃው ከምድር በላይ ከፍ ያለውን ያህል ወደ ምድር ውስጥም ጠልቆ የወረደ ነው፤ ሪሎቹና ፊልሞቹ የሚቀመጡት እዚያ ቀዝቃዛው ጥልቀት ውስጥ ነው። ከላይ ሙዚየሙ አለ። ሕፃናት የአያቶቻቸውን ዘመን ዜና ሲያዩ፣ ወላጆቻቸው ደግሞ በልጅነታቸው የተመለከቱትን ዝግጅት አግኝተው ሲጠራሩ አየሁ። መጋዘኑና ሙዚየሙ በአንድ ጣሪያ ሥር መሆናቸው ትልቅ ትርጉም አለው፤ የሚጎበኝ መዝገብ በጀት ለመጠየቅ አፍ አለው።

ሕንፃው የተከፈተው እ.ኤ.አ. በ2006 ሲሆን፣ ከ2007 እስከ 2014 ድረስ ከሌሎች ተቋማት ጋር ሆነው የአገሪቱን ፊልም፣ ቪዲዮና ድምፅ በብዛት ወደ ዲጂታል የገለበጡበት ሥራ ተካሂዷል። ለወለተ አቃቂ ጥያቄ የሚጠቅመው ግን ይህ ነው፤ ተቋሙ ያለው በአምስተርዳም አይደለም። የኔዘርላንድ ሬዲዮ ባደገባት አነስተኛ ከተማ ነው። ስለዚህ ብሔራዊ ነገር ሁሉ መሐል ከተማ ካልሆነ የሚለው ክርክር አያሳምነኝም። ሬዲዮአችን በአቃቂ ተጀመረ፤ ቴሌቪዥናችን ጥቅምት 23 ቀን 1957 ዓ.ም. በማዘጋጃ ቤቱ ሕንፃ ተጀመረ። ሁለቱም ቦታዎች ታሪካቸውን የሚናገር ሰሌዳ ይገባቸዋል፤ መጋዘን የሚያስፈልገውን ሰፊ ቦታ ግን ይበልጥ የሚሰጠው የከተማው ዳር ነው።

መደምሰስ የእኛ ብቻ ኃጢአት አለመሆኑንም ለአባትሽ ነፍስ ማጽናኛ ይሆን ዘንድ ልናገር። የአሜሪካ የጠፈር ተቋም ሰው ጨረቃን የረገጠበትን የመጀመሪያ ጥራት የያዙት ቴፖች ተደምስሰው ሌላ ሳይቀዳባቸው እንዳልቀረ በ2009 እ.ኤ.አ. አምኗል። እንግሊዞችም በቴሌቪዥን ጣቢያቸው የደመሰሷቸውን ዘጠኝ የተከታታይ ድራማ ክፍሎች መልሰው ያገኙት ከናይጄሪያዋ ጆስ ከተማ ነው፤ በ2013 እ.ኤ.አ. ተበሰረ። የለንደን መጋዘን ያላቆየውን የአፍሪካ ከተማ መጋዘን አቆየው። የእኛ ደግሞ በተገላቢጦሹ ነው። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. በጄኔቫ ያደረጉት ንግግር፣ የአቃቂው ሬዲዮ በተከፈተበት በዚያው ዓመት መሆኑ ነው፣ ምስሉ ያለው በውጭ አገር መዛግብት ነው። የጣሊያን ወረራ ምስሎችም በወራሪው የፊልም ተቋም ተቀርጸው፣ በወራሪው ዓይን ታይተው ተቀምጠዋል። ያንን ዘመን ከእኛ ወገን የሚናገር ድምፅ ካለ፣ እንደ ወለተ አቃቂ ሳጥን ባለ ቦታ ተቀምጦ ይሆናል ብዬ አምናለሁ።

ወለተ አቃቂ (ቱሉ ዲምቱ)

ከአራት ሳምንት በኋላ ተመልሼ የምጽፈው ምክራችሁን በተግባር ስላየሁት ነው። ፊልሙን ለብቻው ለይቼ፣ ሪሎቹን ቁጥር ሰጥቼ፣ ደብተሩን ገጽ በገጽ ፎቶ አንሥቼ፣ ባለፈው ቅዳሜ ሦስት ሪሎች ብቻ ይዘን ከእናቴ ጋር ጋሽ ሞገድ ቤት ሄድን። በመስኮት ብርሃን መርምረው ሦስቱም ፖሊስተር መሆናቸውን አረጋገጡ። ሄዱን በአልኮልና በጥጥ ሲያጸዱት ነጩ ጥጥ ጥቁር እስኪሆን ድረስ አልተዉትም።

በቅድሚያ ያጫወትነው ቁጥር 17ን ነው፤ በካርቶኑ ላይ “ማስታወቂያ – ለመደምሰስ” ተብሎ ተጽፎበታል። ብዙም አልጠበቅሁም ነበር። ሬዲዮ ለሰው ሁሉ ስልክ የነበረበት ጊዜ ወዲያው ክፍሉ ውስጥ ገባ። ከቤት ወጥቶ ያልተመለሰ የአሥራ አራት ዓመት ልጅ የለበሰው ሹራብ ቀለም፣ በአውቶቡስ ላይ የተረሳ ሻንጣ፣ ከክፍለ ሀገር ዘመዶች እንዲደርሱ የሚጠራ የሐዘን ማስታወቂያ፣ የዕድር ስብሰባ፣ እየተነበቡ አለፉ። እናቴ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ታዳምጥ ነበር። የልጁ መገኘት አለመገኘት እስካሁን ከአእምሮዬ አልወጣም።

ማስታወቂያው በ19ኛው ደቂቃ አበቃ። እኔ ብሆን አነሣው ነበር፤ ጋሽ ሞገድ ግን እጃቸውን አጣምረው ተቀመጡ። አምስት ደቂቃ ያህል የሚያፏጭ ዝምታ ካለፈ በኋላ፣ መሐሉ ላይ እንደተቆረጠ ያስታውቃል፣ ማሲንቆ ተሰማ። ተጫዋቹ ጥቂት ከሄደ በኋላ አቆመና “ይቅርታ፣ ጭራው ላላብኝ” አለ። ሌላ ሰው ሳቀ። ሲያስተካክል፣ ክሩን ሲገርፈው፣ ወንበር ሲንቋቋ ይሰማል። ከዚያ የሳቀው ሰው “ቅጂ ሁለት” አለና ማሲንቆው ከመጀመሪያው ተነሣ። አንድ ደቂቃ ሳይሞላ ሪሉ አለቀ።

እኔ “ቅጂ ሁለት” ያለው አባቴ መስሎኝ እንባዬ መጣ። እናቴ ግን ራሷን ነቀነቀች። “አባትሽ አይደለም። ይህ አብሮት የሚሠራው ነው፤ በየእሑዱ እቤት እየመጣ ቡና የሚጠጣው። ሳቁን መቼ አጣዋለሁ” አለችና ስሙን ጠራች። ስሙ የሚጀምረው በደብተሩ ውስጥ አሥራ አንድ ጊዜ በተጻፈው ፊደል ነው። ቤት ስንመለስ አመሳክረን አየነው፤ ከአሥራ አንዱ መስመሮች ዘጠኙ ላይ ያሉት ቁጥሮች በካርቶኖቹ ጥግ ላይ በትንንሹ ከተጻፉት ቁጥሮች ጋር ይገጥማሉ። እስከዚያ ድረስ የፋብሪካ ቁጥር መስለውኝ ነበር። የመዝገብ ሰው ካርቶኑን እንዳለ ገልብጪ ባይሉኝ ኖሮ እነዚያን ቁጥሮች ልብ አልላቸውም ነበር። ስለዚህ ነጠላ ፊደላቱ ቅጂውን የሠሩት ሰዎች ናቸው።

ሰውዬው በሕይወት አሉ፤ ገላን ከልጃቸው ጋር እንደሚኖሩ እናቴ በዕድር ሰዎች በኩል አጣርታለች። በሚመጣው ቅዳሜ ልንጠይቃቸው እንሄዳለን። ጋሽ ሞገድ፣ ሪሎቹን ይዤ ልሂድ ወይስ ቅጂውን በስልክ ላሰማቸው? የማስረከቡን ነገር ከዚያ በኋላ እንድወስን ይፈቀድልኝ።

ሞገድ ዘቃሊቲ

ሪሎቹ ከቤት አይውጡ፤ የገላን መንገድ አቧራውም መንገጫገጩም አይስማማቸውም። ዋናው ደብተር እንጂ ፎቶው አይበቃም፣ እሱን ያዢ፤ ሰው የገዛ ጓደኛውን እጅ ጽሑፍ ሲያይ የሚያስታውሰው ይበዛል። ማሲንቆውን ከመጀመርሽ በፊት የስልክሽን መቅጃ ከፍተሽ ጠረጴዛው ላይ አስቀምጪ፤ ሲሰሙ ወዲያው የሚሉት ነገር ሁለተኛ አይደገምምና። የማሲንቆ ተጫዋቹን ስም በመጀመሪያ ጠይቂያቸው፤ ከዚያ በኋላ ደግሞ ቁጥር 17 ከመደምሰሱ በፊት ምን እንደነበረ። እኔም አብሬያችሁ እመጣለሁ፤ ጠዋት በሦስት ሰዓት ቃሊቲ መናኸሪያ በር ላይ ጠብቁኝ።